ያያት ይታያል

በእኛ ከተማ ሰው የሚታወቀው በእግሩ ነው። ድሮ እንደማንኛውም አገር በፊቱ ነበር፤ እኔ ራሴ የብዙ ሰው ፊት አስታውሳለሁ። አሁን ግን ጎረቤቴን የማውቀው በተሰነጠቀ ተረከዙ፣ አማቴን በጠማማ አውራ ጣቷ፣ ነካሹን ውሻ ሳይቀር በመዳፉ ነው። እንዴት እዚህ ደረሳችሁ ብሎ የሚጠይቅ መንገደኛ ስለማይመጣ፣ ሳልጠየቅ ልናገር።

እኔ ቆዳ ሠራተኛ ነኝ። ቆዳ አለፋለሁ፣ ጠፍር እቆርጣለሁ፣ በጅማት እሰፋለሁ። ቤቴ ከከተማው ዳር ነው፤ ሽታው ሰው እንዳያስቀይም ተብሎ ወደዚያ ተገፋሁ። ሰው ኮርቻ ሲያምረው፣ መጫኛ ሲበጠስበት ወይም ጅራፍ ሲያስፈልገው አፍንጫውን ይዞ ይመጣል እንጂ እንዴት አደርክ ሊለኝ አይመጣም። ይህ የተለወጠው እንግዳዋ ኮከብ ልትመጣ ነው የተባለ ጊዜ ነው።

እንግዳዋ የምትመጣው ያለፈውን አመጣጧን የሚያስታውስ ሰው ሁሉ ሞቶ ካለቀ በኋላ ነው። ስለዚህ ምን እንደምትመስል የሚያውቅ የለም። የቀረልን አባት ለልጅ ሲያቀብለው የኖረ አንድ ቃል ብቻ ነው፤ “ያያት ይታያል።” ማን ነው የሚያየው? አይቶስ ምን ያደርገዋል? ይህን የነገረን የለም። ቢነግሩን ኖሮ እንዲህ አንፈራም ነበር። ሞት ከሆነ ሞት ነው፤ ዕውርነት ከሆነ መሪ ይፈለጋል። “ይታያል” ግን ከሰው ጋር ይተኛል፣ ከሰው ጋር ይነሣል፣ ጉርሻ ላይ ሳይቀር ይመጣል።

መምጣቷን የነገሩን የሰማይ መምህሩ ይትባረክ ናቸው። በእኛ አገር የሰማይ መምህር የሚሆነው ሰማይ አይቶ የማያውቅ ሰው ነው። ያየ ሰው ያየውን ብቻ ያወራል፣ ያላየ ግን ሁሉን ያስተምራል ይባላል። መምህሩ ገበያ መሃል ቆመው፣ ዓይናቸውን ከጫማቸው ሳያነሡ እንዲህ አሉ፦ “ስትመጣ ነገር ሁሉ ሁለት ጥላ ይኖረዋል። አንዱ የፀሐይ ነው፣ ሌላው የእሷ። ሁለተኛውን ጥላ ስታዩ አንገታችሁን ድፉ። እስክትሄድ ድረስ ቀና ያለ ወዮለት።”

አንዲት እንጨት ሻጭ “መሄዷን በምን እናውቃለን መምህር?” ብላ ጠየቀች።

“ይነገራችኋል።”

“ማን ይነግረናል?”

“ያወቀ” አሉና ሄዱ። ሁላችንም ራሳችንን ነቀነቅን። ዛሬ ሳስበው፣ ያቺ እንጨት ሻጭ አንድ ጊዜ ደግማ ብትጠይቃቸው ኖሮ እላለሁ።

ወዲያው የአንገት ሹም ተሾመ። ስሙ ገሠሠ ነው። ከዚያ በፊት ሥራው በገበያ ቀን አህያ ያለ ፈቃድ እንዳታናፋ መቈጣጠር ነበር፤ አህዮቹ እንዳናፉ ናቸው፣ እሱ ግን አደገ። ቤቴ መጥቶ አፍንጫውን ሳይዝ አረፍ አለና፣ ሰው እንቅልፍ ቢወስደው ወይም ቢረሳ እንኳ አንገቱ ቀና እንዳይል የሚይዝ ነገር እንድሠራለት አዘዘኝ። ማጎንበሻ የሚባለውን ያኔ ሠራሁ። ከአገጭ ሥር ይጀምራል፣ በደረት ይወርዳል፣ ከመታጠቂያ ጋር ይቋጠራል። የለበሰው ሰው ደረቱንና የእግሩን ጣቶች ያያል፤ ሌላ ምን ያስፈልገዋል? ከተማው በሙሉ ደጄ ላይ ተሰለፈ። ሽታዬን ሲጸየፉ የኖሩት ሁሉ “ይለመዳል እኮ” ይሉኝ ጀመር። ደስ አለኝ፤ ሰው ሲፈልገኝ የመጀመሪያዬ ነበር።

ከዚያ ሕጉ መጣ። ውኃ ውስጥ የታየች ኮከብም ታይታለች ተባለና ጉድጓዶች ተከደኑ፣ እንስራዎች አፋቸው ታሰረ። መስተዋት ወደ ግድግዳ ዞረ። ራሰ በራ ሰዎች መሃል አናታቸው ላይ ጥቀርሻ እንዲቀቡ ታዘዙ፤ ከኋላቸው የቆመ ሰው እዚያ ላይ ሊያያት ይችላላ። የከብት ዓይንም ያንጸባርቃል ተብሎ በሬዎች ከረጢት ለበሱ፣ አራሹም በሬውም መንገዱን በግምት ያዙ። ዓይነ ስውሩ ለማኝ ማጎንበሻ ያስፈልገዋል ወይስ አያስፈልገውም የሚለው ረጅም ክርክር አስነሣ። በመጨረሻ ያስፈልገዋል ተባለ፤ አለበለዚያ ከሰው ተለይቶ ይኮራል።

ቀጥሎ ተራው የዶሮ ሆነ። ዶሮ ውኃ ስትጠጣ ቀና እንደምትል ሕፃን ያውቃል። ገሠሠ ነገሩን አስቦ አስቦ “እሷን ማስተማር አልችልም” አለ። ስለዚህ ታረደች፤ የከተማው ዶሮ ሁሉ፣ ጫጩቱም ጭምር። ከዚያ ቤት ሁሉ የሽንኩርትና የቅቤ ሽታ ሸተተ፣ ሰው ጣቱን እየላሰ ሕጉን አመሰገነ። ሚስቴ እማዋይሽ ግን ወጡን ሳትነካ ገበታውን ወደ እኔ ገፋችው።

“ምነው?” አልኳት፤ እርጉዝ ስለነበረች ሆዷ የከለከላት መስሎኝ።

“ዛሬ አንገቷን መድፋት ያቃታት ዶሮ ናት” አለች። “ነገ ማን ነው?”

ነገ ወንድሟ ነበር። ድንቁ ይባላል፤ እሷ ጋሼ ትለዋለች፣ ያሳደጋት እሱ ነው። በወጣትነቱ ከበቅሎ ወድቆ አንገቱ እንደተገተረ ቀርቷል፤ ጫማውን ለማየት እንኳ መቀመጥ አለበት። ሦስት ዓይነት ማጎንበሻ ሠራሁለት፣ ቆዳውን በቅቤ አሸሁት፣ ጎተትኩት። ድንቁ እየሳቀ “ተው አንተ ሰው፣ ነቅለህ ትጥለዋለህ!” አለኝ። እኔ ግን አልሳቅኩም። ገሠሠ ሲሰማ አልተቈጣም፤ ቢቈጣ ይሻለኝ ነበር። እጁን ድንቁ ትከሻ ላይ አድርጎ በአባት ድምፅ “ለራስህ ብለን ነው” አለው። ከገበያው ዳር ባዶ የእህል ጉድጓድ ነበረ። እንግዳዋ እስክትሄድ እዚያ ገብቶ ሊቆይ፣ ምግቡ በክዳኑ ቀዳዳ ሊወርድለት፣ ስትሄድ ሊወጣ ተስማሙ። ድንቁ በገመድ እየወረደ “ጤፍ የቻለውን ጉድጓድ እኔ አልችለውም?” ብሎ ቀለደ። ክዳኑ ተገጠመ፣ አንድ ዘበኛ ላዩ ላይ ተቀመጠ።

በማግሥቱ ሌላ አዋጅ ወጣ። የሕፃን አንገት ሕግ አያውቅም፤ በጀርባው ሲተኛ ሰማይ ያያል፣ ጡት ሲጠባ ቀና ይላል። ስለዚህ ሁለተኛው ጥላ በታየ ቀን መውለጃቸው የደረሰ ሴቶች በሙሉ እንደ ድንቁ ጉድጓድ ይወርዳሉ። “እቤቴ ብወልድስ? ጣራ አለኝ” ያለች ሴት ነበረች። “ጣራ ሕግ አይደለም” ተባለች። እማዋይሽ አዋጁን ከሰማች በኋላ ሆዷን በሁለት እጇ ይዛ ነው የምትሄደው፣ ሰው ሊነጥቃት ያለ ይመስል።

ሁለተኛው ጥላ የመጣው ረፋድ ላይ ነው። ቆዳ እየፋቅኩ ነበር። የእጄ ጥላ ቆዳው ላይ ይመላለሳል፤ ድንገት አጠገቡ ሌላ እጅ አየሁ። ቀጭን ነው፣ ደም የነካው ውኃ ይመስላል፤ እጄ ሲቆም ይቆማል። ውሾቹ ዝም አሉ። ከተማው ውስጥ የማጎንበሻ መቋጠሪያ ሲጠብቅ ከየደጁ ተሰማኝ። እውነቱን ልናገር፤ ኮከቧን ፈራሁ፣ ከእሷ በላይ ደግሞ የሚመጡትን ሰዎች ፈራሁ። እማዋይሽን ጎትቼ በጓሮ ወዳለው ቆዳ ማድረቂያ ወሰድኳት፤ በእንጨት የተወጠረ ጥሬ ቆዳ ተራ በተራ የተሰቀለበት፣ እኔ እንኳ አፌን ሸፍኜ የምገባበት ቦታ ነው። አዋላጇ እትዬ ዘነቡ ተጎንብሰው፣ መንገዱን በእጃቸው እየዳበሱ ደረሱ።

ዘበኞቹ እርጉዝ የሚፈልጉት በእግር ነበር። አንገታቸው እንደኛው የታሰረ ስለሆነ ሆድ አያዩም፤ ያበጠ እግር ያዩ እንደሆነ ግን ይይዛሉ። በዚያ ቀን ከሸክም ብዛት እግራቸው ያበጠ ሁለት አሮጊቶች ጉድጓድ ወርደዋል። ደጄ ሲደርሱ አንደኛው አሳለው፣ ሌላው ተፋ። “እዚህስ ሰው አይወልድም” ተባባሉና ዞሩ። ሽታዬን ያን ቀን ባርኬዋለሁ።

እማዋይሽ ተንበርክካ፣ ከቆዳ መወጠሪያው እንጨት ጋር ተያይዛ ወለደች። ሴት ናት። እትዬ ዘነቡ እልል ሊሉ አፋቸውን ከፍተው በመዳፋቸው መልሰው ዘጉት። ሚስቴ ግን ታፈነች፤ የቆዳውና የደሙ ሽታ ተደባልቆ አየር አጣች። ልጇን ደረቷ ላይ እንዳቀፈች እየተሳበች ወጣች። እኔ አንገቴን ደፍቼ ቆሜ ነበር፤ የማየው እግሯን ብቻ ነው። ተረከዟ መሬት ነካ፣ ጣቶቿ ወደ ላይ ዞሩ። በጀርባዋ ተኝታለች ማለት ነው።

“እማዋይሽ! ፊትሽን!” ብዬ ጮህኩ። ልብሴን አውልቄ ልሸፍናት ስወድቅ እጄን ያዘችኝ።

“አየኋት” አለች።

 እትዬ ዘነቡ መሬት ላይ ተደፉ።

“ትንሽ ናት” አለች እማዋይሽ። ድምፅዋ የደከመው ሰው ድምፅ ነው፣ ሌላ ምንም የለበትም። “ቀይ፣ ትንሽ። እየሄደች ነው።”

የዚያን ዕለት ከአጠገቧ አልተነሣሁም። “ይታያል” የተባለው መጥቶ እስኪወስዳት ጠበቅኩ። ቅጠል ሲንኮሻኮሽ እደነግጣለሁ፣ ዝንብ ሲያርፍባት አባርራለሁ። የመጣ ነገር የለም። ልጅቷ ጠባች፣ እናቷ አጥሚት ጠጣች። በማግሥቱ እጄን ወደ ፀሐይ ዘርግቼ ጥላዬን አየሁ፤ አንድ ብቻ ነው።

ሰው ሁሉ አንድ ጥላ እንደቀረው አይቷል። መሬት ላይ ነው እኮ ያለው፤ ከመሬት ሌላ የምናየው ነገርም የለንም። ግን የተናገረ ሰው አልነበረም። መንገድ ላይ ሁለት ሰው ሲገናኝ፣ የአንዱ እግር የሌላውን ጥላ ይረግጥና ይቆማል። “ጥላህ እንዴት ነው?” ይላል አንዱ። “እግዜር ይመስገን። ያንተስ?” ይላል ሌላው። ከዚያ ይለያያሉ። መጨረሻ ላይ መምህር ይትባረክ ተጠየቁ። “የጥላ መጥፋት የእሷን መሄድ አያስረዳም፤ ጥላዋን ሰብስባ ይሆናል። መሄዷን የሚመሰክር ያያት ሰው ብቻ ነው” አሉ። ያያት ሰው ቢገኝስ ተባሉ። “ያያት ሰው ታይቷል። የታየ ሰው ቃሉ አይታመንም” ብለው ዘጉት።

ጉድጓዱን ማን ይክፈት? ድንቁ ከውስጥ በዱላው ክዳኑን ያንኳኳል። መጀመሪያ ቆሎና ውኃ ይወርድለት ነበር፤ በኋላ ዘበኛው በቀዳዳው ኮከቧ ልትገባ ትችላለች ተብሎ ቀዳዳውን በጭቃ መረገ። አሮጊቶቹና እርጉዞቹ ሌላ ጉድጓድ ነበር የወረዱት፤ ለእነሱ ዘመዶቻቸው ስጦታ ይዘው ለመኑና በጠርዙ በኩል የአየር ክፍተት ተተወላቸው፤ የድንቁ ዘመድ ግን ሽታም ቆዳ ሠሪ ነው፣ ማን ይሰማዋል? እማዋይሽ አራስ እግሯን በጨርቅ ጠቅልላ ወደዚያ ሄደች፤ ተከተልኳት። ዘበኛው ሰምቶ እንዳልሰማ ሆኖ ተቀምጧል። ክዳኑ አጠገብ ተንበረከከችና “ጋሼ! ወለድኩ!” አለች።

ከሥር የመጣው ድምፅ የድንቁ አይመስልም ነበር። “ምን?”

“ሴት!”

 ከዚያ “ቀና በያት” አለ። ቀጥሎ “እንግዳዋ አልሄደችም እንዴ?” ሲል ጠየቀ፤ እዚህ ላይ ሚስቴ መሬቱን በጥፍሯ ቧጠጠች።

ወደ ቤት ስንመለስ “በገበያ ቀን እናገራለሁ” አለችኝ።

ለመንኳት። እግሯ ላይ ወደቅኩ። “ያቺን ልጅ አስቢያት እንጂ! ሁለታችሁንም ጉድጓድ ይከቷችኋል!”

“እሷን እያሰብኩ ነው” አለች። “አጎቷን ለማውጣት አንድ ቃል ነው የሚያስፈልገው። ቃሉ ደግሞ እኔ ጋ አለ።” እኔ ጋም ነበር፤ ግን ያወጣችው እሷ ናት። ፈሪነቴን ሸሽጌ አላውቅም።

እትዬ ዘነቡ ነገሩን ከእኛ ሰምተው፣ ጠጅ ሣር የሚሸጡ መስለው ከቤት ቤት ዞሩ። በገበያ ቀን ገበያው ስደርስ የከተማው ሴት ሁሉ እግሩን እንሶስላ ሞቋል። አሮጊቷም፣ ኮረዳዋም፣ እንጨት ሻጯም እግራቸው እንደ ሙሽራ ቀልቷል፤ ተረከዝ ከተረከዝ፣ ጣት ከጣት አይለይም። ሚስቴን ራሴ ፈልጌ አጣኋት። እዚያ በተጎነበሰው ሕዝብ መሃል ድምፅዋ ወጣ።

“ሄዳለች! ያየኋት ነኝ። ትንሽ ነበረች፤ ሄዳለች። ሰዎቹን አውጧቸው!”

 “ማን ነው?” አለ ገሠሠ። ዘበኞቹ ተበተኑ፤ ቀይ እግር፣ ሌላ ቀይ እግር፣ ሌላ ቀይ እግር። “ይህቺ ናት” ይላል አንዱ፤ “ይህቺ ናት” ይላል ሌላው፣ ከወዲያኛው ጫፍ። የገሠሠ ጫማ ከፊቴ ወዲያ ወዲህ ይላል። እኔ የሰፋሁት ጫማ ነው። ቆመ። ከዚያ ጠፍር ሲበጠስ ተሰማ። የእጄን ሥራ በድምፁ አውቀዋለሁ፤ የገሠሠ ማጎንበሻ ነበር።

የአንገት ሹም ቀና አለ። ክብደቱ ወደ ተረከዙ ሄደ፣ የጫማው አፍንጫ ከመሬት ትንሽ ተነሣ፤ ሰማይ የሚያይ ሰው እንዲህ ነው የሚቆመው። ብዙ ቆየ። ሁላችንም ጠበቅን። አንድ ቃል ብቻ ነበር የሚጠበቅበት፤ እኛ ቀና ልንል፣ ጉድጓዱ ሊከፈት፣ ድንቁ ሊወጣ። 

“አለች” አለ ገሠሠ። ድምፁ ቀጥኖ ነበር። “አልሄደችም። በዓይኔ አየኋት።”

ሕዝቡ በአንድነት ተነፈሰ። “ስለ እኛ ብሎ አየ!” ብላ አንዲት ሴት አለቀሰች። ያያት ይታያል የሚለውን ለገሠሠ ያስታወሰው ሰው የለም። መቋጠሪያውን የሚያጠብቅ እጅ ብቻ ሰማሁ።

ማታ እማዋይሽ ልጇን እያጠባች ነገረችኝ። ማጎንበሻዋን ፈትታ ገበያ መሃል ቀና ብላ የቆመችው እሷ ብቻ ስለነበረች ፊቱን አይታዋለች። “መጀመሪያ ፈርቶ ነበር” አለች። “ከዚያ ምንም እንደሌለ አየ፤ ደስ አለው፣ እውነቴን ነው፣ እንደ ልጅ ደስ አለው። ከዚያ የኛን ማጅራት አየ፣ ያን ሁሉ ማጅራት። ከዚያ እኔን አየኝ። ከዚያ ነው የዋሸው።”

“ለምን አልያዘሽም?”

“ቢይዘኝ እጠየቃለሁ። ብጠየቅ እናገራለሁ።”

ድንቁ በማግሥቱ ጠዋት ሲያንኳኳ ሰምተናል። ከሰዓት አላንኳኳም። እማዋይሽ ክዳኑ ላይ ተደፍታ ጋሼ፣ ጋሼ ስትል ዋለች። ዘበኛው አላባረራትም፤ አልተነሣላትምም። ዛሬም እዚያው ተቀምጧል። ምን እንደሚጠብቅ አልጠየቅኩትም።

ገሠሠ አሁን ጠዋት ጠዋት ስለ እኛ ብሎ ቀና ይልና “ዛሬም አለች” ይለናል፤ የሴቶቹም ጉድጓድ እንደተከደነ ይውላል፤ እኛም እግዜር ይስጥልን እንላለን። አንድ ቀን ብቻውን ቤቴ መጣ። ሽታው ሳይከለክለው እስከ ቆዳ ማድረቂያው ደጅ ዘለቀ። ልጄ በጀርባዋ ተኝታ፣ ሰማዩን እያየች፣ እጆቿን እያወናጨፈች ትስቅ ነበር። ቀና ብለናታል፤ አጎቷ ያወጣላት ስም ነው፣ ጮክ ብለን ግን አንጠራትም። ጫማው ከአጠገቧ ቆመ።

“ለሕፃናትም ማጎንበሻ ታዟል” አለኝ በዚያ በአባት ድምፁ። “ከዚህች ጀምር። ልኳን ውሰድ።”

“እሺ ጌታዬ” አልኩ። ሌላ ምን እላለሁ? ልኳን በክር ወሰድኩ፤ አንገቷ ከጡት ማጥቢያ ቅል አፍ አይበልጥም። ቆዳውን ስቆርጥ እንባዬ ወረደበት፣ ቆዳው ረጠበ። እማዋይሽ ቆማ ታየኛለች፤ እግሯ አይንቀሳቀስም።

ሰፋሁት። ስፌቱን ግን ላላ አደረግኩት፤ ሕፃን እንኳ ቀና ቢል የሚበጠስ አድርጌ። ከዚያ ወዲህ አሮጌውን ሊያሳድስ ያመጣ ሰው ሁሉ እንደዚያው ነው የሰፋሁለት። አሁን ከተማው ውስጥ ያለው ማጎንበሻ ሁሉ በአንድ ቀጭን ክር ነው የተያዘው። ለማንም አልነገርኩም፤ ለመንገር እፈራለሁ። ሲነጋ ደጄ ላይ ቁጭ ብዬ፣ አንገቴን ደፍቼ፣ የመጀመሪያው ሲበጠስ ልሰማ ጆሮዬን አቆማለሁ።

እስካሁን አንዱም አልተበጠሰም። ክር የቱንም ያህል ቢሳሳ፣ ቀና የሚል ከሌለ አይበጠስም። የእኔም አልተበጠሰም።